የእንቁራሪቷ የበር ማሸጊያ

የመኪና ወንበር ስትሰፋ ነው ፀጉሯ የሸበተው። ከሚኒባስ ጋራዡ ጎን፣ በቆርቆሮ በተሠራች ጠባብ ክፍል ውስጥ፣ በእግር የምትረገጠውን የስፌት መኪናዋን በር አፍ ላይ አድርጋ ትሠራለች። በር አፍ ላይ የተቀመጠችው ብርሃን ፈልጋ እንጂ አላፊ አግዳሚውን ለማየት አይደለም። እንዲያውም ሰው ትክ ብሎ ካያት ክሩ ከመርፌው ዓይን ያመልጣታል። «እጅሽ ይባረክ፣ ግሩም ሥራ ነው» ሲሏት እንኳን የምትመልሰው ቃል ይጠፋትና ከጨርቁ ላይ የሌለ ክር ትለቅማለች። ሰፈሩም ጋራዡም «እትዬ» ይላታል። እኛ ሰፊዋ እንበላት።

ሙያውን የተማረችው የጭነት መኪና ሸራ ይሰፉ ከነበሩ አንዲት ባልቴት ነው። ባልቴቷ የማይሻር ደንብ ነበራቸው። አዲስ ሸራ ተሰፍቶ ሲያልቅ መኪናው ላይ ይወጠራል፤ የሰፋችው ልጅ ከሥሩ ገብታ ትቀመጣለች፤ ከዚያ ከላይ ውኃ በባልዲ ይደፋበታል። ስፌቱ ከላላ የምትበሰብሰው ራሷ ናት። ሰፊዋም በልጅነቷ ስንት ጊዜ ዝናብ የመታት ጫጩት መስላ ወጥታለች። ኋላ ግን ደርቃ መውጣት ጀመረች። ባልቴቷ ሲሞቱ ደንቡ እሷ ጋ ቀረ። የሚኒባስ መስኮት ጎማ ስትቀይርም ሆነ የበር ማሸጊያ ስታበጅ ውስጥ ገብታ ትቀመጥና «በሉ ርጩት!» ትላለች። ድምፅዋ ከፍ ሲል የሚሰማው ያኔ ብቻ ነው።

አላገባችም። ልጅ ግን አሳድጋለች። ወንድሟ ሌላ ትዳር ይዞ ወደ ሌላ ከተማ ሲሄድ ልጁን «ለጊዜው ያዢልኝ» ብሎ ትቶላት ሄደ። ያ «ለጊዜው» ልጁ ጢም እስኪያበቅል ቆየ። እንደ ዓይኗ ብሌን አየችው። እሱም «እማ» እንጂ «አክስቴ» ብሏት አያውቅም። ከስፌት መኪናዋ ሥር በደረቱ ተኝቶ፣ የወንበር ልክ በምታወጣበት ወረቀት ላይ መኪና ይስል ነበር፤ ክንፍ ያለው፣ ጥርስ ያለው፣ ጣሪያው ላይ መታጠቢያ ገንዳ የተሸከመ። የስንቱን ወንበር ልክ እንዳበላሸባት! እሷ ግን «ዋ አንተ ልጅ!» ትልና ሌላ ወረቀት ትዘረጋለች። አድጎ፣ ተምሮ የመኪና ነዳፊ ሆነ። አዳዲስ ዓይነት መኪና የሚሠራ አንድ ትልቅ ወርክሾፕም ቀጠረው።

አንድ ቀን ታዲያ ቆርቆሮ ቤቷ በር ላይ መጥቶ ብርሃኗን ከለለው።

«እማ፣ ሱቅሽን ዝጊ።»

«ምነው፣ ምን ተፈጠረ?»

«ምንም። ውኃ ላይ የምትሄድ መኪና እየሠራሁ ነው። አሸዋ ትሄዳለች፣ ጭቃ ትሄዳለች፣ ድንጋይ ትወጣለች፤ ሐይቅ ሲገጥማት ደግሞ ሳትቆም ጥልቅ ነው። በሮቿን ከአንቺ በቀር ማንም እንዲያሽግልኝ አልፈልግም።»

«አንተ ልጅ፣ ጀልባ የሚባል ነገር አልሰማህም እንዴ?» አለችው ሳቋን በመዳፏ ሸፍና።

ሳቀች እንጂ ልቧ ሙቅ ውኃ የፈሰሰበት ያህል ነው የሞቀው። ለጋራዡ ባለቤት «ለጥቂት ጊዜ ነው» ብላ ነገረችው፤ የተጀመሩትን ወንበሮች ጨርሳ አስረከበች፤ መቀሷን፣ መርፌዎቿንና የማስቲሽ ብሩሿን በዘንቢል ይዛ ወርክሾፑ ገባች።

መኪናዋ ለገበያ የምትወጣ አልነበረችም። «ወደፊት እንዲህ ያለ ነገር መሥራት እንችላለን» ብለው ለእንግዳ የሚያሳዩባት ናሙና ናት። ሰፊዋ ለመጀመሪያ ጊዜ ስታያት ዞር ዞር ብላ፣ ጠጋ ብላ፣ ጎንበስ ብላ ነው ያየቻት። እንደ ለጋ ቅጠል አረንጓዴ ናት። ስድስት ወፋፍራም ጎማ አላት፤ ውኃ ስትገባ እጥፍጥፍ ብለው ወደ ሆዷ ይሰበሰባሉ። ከኋላዋ ውኃውን የሚገፉ ሁለት መቅዘፊያዎች አሏት። ሆዷ አሉሚኒየም ነው፤ ጣሪያዋ መስታወት። በሮቿ ወደ ጎን ሳይሆን እንደ ጥንዚዛ ክንፍ ወደ ላይ ይከፈታሉ። ነዳፊው ማንም በቃሉ ያልያዘው ረጅም ስም አውጥቶላት ነበር። ሆዷን የበየደው ወፍራሙ በያጅ ግን አንድ ቀን ከሥሯ ወጥቶ ላቡን እየጠረገ፣ «ይቺ መኪና አይደለችም፣ እንቁራሪት ናት፤» አለ። ከዚያ ወዲያ በወርክሾፑ ውስጥ እንቁራሪት ሆና ቀረች። ነዳፊው ሲሰማ ፊቱን ያጨማድዳል፤ እነሱም እሱ ሲመጣ ጮክ ብለው ይጠሯታል።

በሩ ጠመዝማዛ ስለሆነ የተዘጋጀ ጎማ አልገጥም አለ። ሰፊዋ ከጎማ ጥቅል ላይ በቀጭኑ እየቀደደች፣ መሃሉ ላይ ስፖንጅ አስገብታ እየጠቀለለች፣ ጠርዙን እየሰፋችና በማስቲሽ እያያያዘች የራሷን ማሸጊያ ሠራች። ሁለቱን ጫፎች ፊት ለፊት አታጋጥማቸውም። በሰያፍ ትቆርጥና አንዱን በአንዱ ላይ ታስተኛለች፤ መጋጠሚያውንም ከማጠፊያው ሥር፣ ዓይን በማያርፍበት ቦታ ታደርገዋለች። ከዚያ በሩ ላይ ቀጭን ወረቀት አድርጋ ትዘጋና ትስባለች። ወረቀቱ ሸርተት ብሎ ከወጣ እዚያ ቦታ ላይ ማሸጊያው አልነከሰም ማለት ነው፤ ታነሳዋለች፣ ስፖንጅ ትጨምራለች፣ እንደገና ትስባለች። በሩን ዙሪያውን እንዲህ ስትዞረው ሰነበተች። በመጨረሻ ወረቀቱ በየትም በኩል ቢሳብ ተቀደደ እንጂ አልወጣ አለ።

«በሉ ርጩት!» አለች፣ ነጭ ጨርቅ ጭኗ ላይ ዘርግታ ውስጥ እንደተቀመጠች።

በያጁና ሹፌሩ ሁለት የውኃ ጎማ ይዘው ከግራ ከቀኝ ለቀቁባት። ሹፌሩ ረጅም ዘመን የጭነት መኪና የነዳ ቀጭን ሰው ነው፤ ለእንቁራሪቷ ሲመደብ ራሱን «ካፒቴን» ብሎ ሾሟል።

«እትዬ፣ ሳሙና ላቀብልዎት?» ብሎ ጮኸ በያጁ በመስታወቱ በኩል።

«እኔ ደግሞ ጀርባዎን ልሽልዎት?» አለ ካፒቴኑ።

«ወግዱ፣ እናንተ ባለጌዎች!» አለች፣ እንባዋ እስኪመጣ እየሳቀች።

ስትወጣ ጨርቁ ላይ አንዲት የውኃ ነጠብጣብ አልነበረችም። ነዳፊው በሠራተኛው ሁሉ ፊት ግንባሯን ሳመና ጨርቁን ከፍ አድርጎ አውለበለበው። «አያችሁ? እማ የገባችበትን ነገር ማንም ዓይኑን ጨፍኖ መግባት ይችላል!» አለ። ሰፊዋ የምትገባበት ቀዳዳ ጠፋት። ማታ ግን አልጋዋ ላይ ሆና ያቺን ቃል ብቻዋን ደጋግማ አጣጣመቻት።

እንግዶች የተጠሩበት ቀን ደረሰ። ቦታው ከከተማው ወጣ ያለ የግድብ ውኃ ነው። ዳሱ ተተክሏል፣ ወንበር ተደርድሯል፣ ካሜራ በየአቅጣጫው ቆሟል። ሰፊዋ «ምነው እንዲህ ፀሐይ ካዘቀዘቀች በኋላ ሆነ?» ብላ ጠይቃ ነበር፤ ነዳፊው «ብርሃኑ ለፊልም ይመቻል» አላት። እንደ ደንቧ መግባት ስላለባት ከካፒቴኑ ጎን ተቀመጠች። ዋና አትችልም። ሆኖም የምትፈራው ውኃውን ሳይሆን ካሜራውን ነበር።

እግሯን ስታስተካክል ምንጣፉን አየችው። ምንጣፉን ያነጠፈችው እሷ ናት፤ ማስቲሽ ስትቀባ ደግሞ ጠርዝ አታበላሽም። አሁን ግን ከእግሯ ሥር ያለው ማዕዘን ተነስቶ በሌላ እጅ የተለጠፈ ይመስላል፤ የደረቀ ማስቲሽ እንደ ሕፃን ንፍጥ ተዝረክርኳል።

«አባቴ፣ ይሄን ምንጣፍ ማን ነካው?» አለችው።

ነዳፊው በሩን ለመዝጋት ጎንበስ እንዳለ ነው። ቀና ብሎ አላያትም። «ማንም አልነካው፣ እማ። ነጠላሽን አስተካክዪ፣ ካሜራ አለ።»

ምንጣፉን እያየች፣ «እንግዲህ ዓይኔ ነው፤ እርጅና ነው፤» አለች በልቧ። ካሳደገችው ልጅ አፍ ይልቅ ዓይኗን ብትጠረጥር ይቀላታል።

እንቁራሪቷ የአሸዋውን ቁልቁለት ወርዳ ውኃውን ሰነጠቀችው። ጎማዎቿ ተሰበሰቡ፣ መቅዘፊያዎቹ ማጉረምረም ጀመሩ፤ ተንሳፈፈች! ከዳር ጭብጨባው ቀለጠ። ትንሽ እንደሄዱ ከሥራቸው ያለው ውኃ ድንገት ወለል ብሎ ሰማያዊ ሆነ። ሆዷ ላይ መብራት በርቷል። ሰፊዋ እንዲህ ያለ መብራት መኖሩን ሰምታም አታውቅም። «እንዴት ያምራል!» ልትል አፏን ስትከፍት የእግሯን ጣት ብርድ ነካው።

«እትዬ፣ ውኃ ይዘው ነበር እንዴ?» አለ ካፒቴኑ ወደ ታች እያየ።

መዳፏን በሩ ዙሪያ አስኬደችው። ማሸጊያው ደረቅ ነው። ከላይ ደረቅ፣ ከጎን ደረቅ፣ ከታች ደረቅ። ውኃው እየተፍለቀለቀ የሚወጣው ከምንጣፉ ሥር ነበር፤ ያ በሌላ እጅ የተለጠፈው ማዕዘን እንደ ምላስ ተንሳፍፎ ይርገበገባል። ቁርጭምጭሚቷን አለፈ። ካፒቴኑ ጨዋታውን ትቶ በሬዲዮው «ጎትቱን! ኧረ ጎትቱን!» እያለ መጮህ ያዘ። እሷ የሰፋችውን ወንበር በሁለት እጇ ጨብጣ ዓይኗን ጨፈነች። ለጥንቃቄ ከዳር የታሰረው ገመድ ተወጠረ፣ መኪናዋ ዘመም አለች፣ ከዚያ እየተንፏቀቀች ወደ አሸዋው ወጣች።

ጭብጨባው ጸጥ ብሏል። ነዳፊው ማይክራፎን ይዞ ቆሟል፤ የወርክሾፑ ሥራ አስኪያጅ ከጎኑ ነው።

«ክቡራን እንግዶቻችን፣ እንዳያችሁት ትንሽ ውኃ ገብቷል። የመኪናዋ አካልም ሞተሯም ፍጹም ደህና ናቸው። ችግሩ የበሩ ማሸጊያ ነው። የእጅ ሥራ ስለሆነ ነው። በቅርቡ በፋብሪካ ምርት እንተካዋለን።»

ይህን ሲል በእጁ ወደ በሩ አመለከተ። በሩ ላይ ደግሞ ሰፊዋ ነበረች፤ ጫማዋን በእጇ ይዛ፣ የቀሚሷ ጫፍ ውኃ እያንጠባጠበ፣ ለመውረድ አንድ እግሯን አንስታ። የሰው ሁሉ ዓይን፣ የካሜራው ሁሉ ዓይን እሷ ላይ አረፈ።

በያጁ ሮጦ እጇን ያዛት። «እትዬ፣ ዝም ይላሉ እንዴ? ይናገሩ እንጂ!» አለ በሹክሹክታ።

ጎንበስ ብላ የቀሚሷን ጫፍ ጨመቀች። ደግሞስ ምን ብላ? «ልጄ ዋሸ» ብላ?

በነጋታው አመሻሽ ላይ ቤቷ መጣ። ወለሉን ወልውላ መጥረጊያውን ገና ማስቀመጧ ነበር።

«እማ፣ ተቀየምሽኝ አይደል?»

«እግርህን ጥረግና ግባ፣ እርጥብ ነው።»

ጠረገና ገባ፤ ተቀመጠ። እሷ ቆማ ቀረች።

«ምንጣፉን ማን ነካው ስልህ ማንም አልከኝ።»

አንገቱን አከከ። «መብራቱ የመጣው በመጨረሻው ቀን ነው። ሥራ አስኪያጁ ውኃው ካላበራ ፊልሙ አያምርም አለ። ሆዷን ቀዳዳ ቀዳዳ አድርገን አስገባነው፣ ቀዳዳውን ለመድፈን ጊዜ አልነበረንም… ይይዛል ብዬ ነበር።»

«ብትነግረኝ እኮ አልገባም ነበር።»

«ለዚያ ነው ያልነገርኩሽ! አንቺ ካልገባሽ ካፒቴኑ ይገባል? በያጁ ሥራውን እየነቀፈ ሰዉን ሁሉ ያስፈራራ ነበር። አንቺ ስትገቢ ነው ሁሉም ልቡ የሚረጋው።»

ሰፊዋ የወንበር መደገፊያ ያዘች። ያ አልጋዋ ላይ ሆና ያጣጣመችው ቃል ትዝ ሲላት አፏ መረራት።

«ዋና እንደማልችል ታውቃለህ» አለች ቀስ ብላ።

«ገመድ ነበር እኮ፣ እማ!»

«ይሁን። ሰው ፊትስ?»

«ስሚኝ፤ ሆዷ ተበሳስቷል ብል ሥራው በሙሉ ይዘጋል። የስንት ሰው እንጀራ ነው። ማሸጊያ ግን ትንሽ ነገር ነው፣ ይቀየራል። ደግሞ አንቺ ምን ትሆኛለሽ? ማን ያውቅሻል?»

ሊያጽናናት ብሎ ነው የተናገረው። ነገሩ እንደወጋት እንኳን አልገባውም።

«ብትጠይቀኝ እሺ እልህ ነበር» አለችው። «ባንቺ ላላክክ ብለህ ብትጠይቀኝ፣ አላክክ እልህ ነበር።»

«ታዲያ አሁን ጠየቅኩሽ።»

«አሁንማ ወስደኸዋል።»

ነዳፊው ተነስቶ ሁለት እጆቿን ያዘ፤ ልጅ ሳለ ጥፋት ሲያጠፋ እንደሚያደርገው ጉልበቷ ላይ ተደፋ። «ቀዳዳውን ደፍነን እንደገና እናሳያለን። ያኔ በዚያው ማይክራፎን፣ በዚያው ሕዝብ ፊት፣ ማሸጊያው ደህና ነበር፣ ጥፋቱ የእኛ ነው ብዬ እናገራለሁ። አንቺን ይንሳኝ!»

ቀጥ ብላ ልትቆይ አልቻለችም። ክንዱን ይዛ ሳበችው። «ተው፣ ተነስ፣ ሱሪህ ይረጥባል» አለችው።

ጋራዡ ጎን ወዳለችው ቆርቆሮ ሱቋ ተመለሰች። ግን ፊልሙ ቀድሟት በየስልኩ ገብቶ ነበር። የጎረቤቷ ሴትዮ እየሳቀች፣ «ይቺ ጫማ የያዘችው አንቺ አይደለሽም?» ብላ አሳየቻት። የጋራዡ ባለቤት ደግሞ ክፉ ሰው አይደለም፤ እንደ ወትሮው ሰላም ይላታል፤ የሚኒባስ በር ሲመጣ ግን ወዲያ ማዶ ላለው ሌላ ሰፊ መላክ ጀመረ። አንድ ቀን አፍሮ ምክንያቱን ነገራት። «እትዬ፣ እኔ አውቅዎታለሁ፤ ደንበኛው ነው። ውኃ ያስገባችው ሴትዮ ናት ወይ ብሎ ይጠይቀኛል። ወንበር ወንበሩን ይሥሩልኝ እስቲ።»

እሷም ወንበር ወንበሩን ሠራች። ውስጥ ገብቶ «ርጩት!» ማለት ቀረ። ባልቴቷ ካስተማሯት ሁሉ የምትኮራበት ያ ነበርና፣ እጇ ሥራ ባይፈታም ልቧ ሥራ ፈታ። ጠዋት ጠዋት ሱቋን ስትከፍት የምታስበው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ ሁለተኛው ቀን መቼ ይሆን?

በያጁ አንድ እሑድ ብርቱካን በፌስታል ይዞ ሊጠይቃት መጣ። ወንበሩ እስኪንቋቋ ተመቻችቶ ተቀመጠ።

«እትዬ፣ መብራቱን ነቅለን ሆዷን በሙሉ ደፈንኩት። አሁን ዝሆን ቢጭኑባት ጠብ አትልም።»

«በሩስ?» አለች ብርቱካን እየላጠችለት፣ ግድ እንደሌላት ሆና።

«በሩን ማን ይነካዋል! የፋብሪካ ጎማ አስመጡ፤ ተጣመመ፣ ተገለበጠ፣ እምቢ አለ። ጣሉት። የእርስዎ ማሸጊያ እንዳለ ነው።» ከዚያ ጎንበስ ብሎ ድምፁን ዝቅ አደረገ። «ልናገር እንዴ? እኔ እንደሆንኩ አፌ ሥራ ፈቷል። ለጋራዡ ሰውዬ ብቻ ሹክ ልበለው?»

«ተው፣ ነገር አታድርግ። እሱ ራሱ ይናገራል። ምሎልኛል።»

በያጁ ብርቱካኑን አፉ ውስጥ ከትቶ ረጅም ጊዜ አኘከ።

ሁለተኛው ቀን መጣ። ሰፊዋ ሠርግ እንደተጠራች ሁሉ ፀጉሯን ተተኩሳ፣ ደህናውን ቀሚሷን ለብሳ ሄደች። የጋራዡንም ባለቤት «ና፣ እስቲ አየር ይንካህ» ብላ ይዛው መጣች። በሕይወቷ ሰው ይየኝ ብላ የሄደችበት ቦታ ያ የመጀመሪያዋ ነው።

ይህን ጊዜ ነዳፊው ራሱ ገባ፣ ሥራ አስኪያጁም አብሮት። እንቁራሪቷ ወረደች፣ ተንሳፈፈች፣ ማዶ ደርሳ ዞረች፣ ደረቷን ነፍታ ተመለሰች። አሸዋው ላይ ወጥታ በሮቿን ወደ ላይ ስትዘረጋ ውስጧ እንደ ሳሎን ቤት ደረቅ ነበር። ሕዝቡ ብድግ ብሎ አጨበጨበ። ሰፊዋም አጨበጨበች፤ መዳፏ እስኪግል። ነዳፊው ማይክራፎኑን ተቀበለ። ዓይኑ ሕዝቡን ቃኘና እሷ ላይ ሲደርስ ትንሽ ቆመ። እሷም እንደ ተማሪ ቀጥ አለች።

«ባለፈው ያስቸገረንን የእጅ ሥራ ማሸጊያ፣» አለ፣ «በዘመናዊ የፋብሪካ ምርት ተክተነዋል። ውጤቱን በዓይናችሁ አያችሁ። አመሰግናለሁ።»

የጋራዡ ባለቤት መሬት መሬቱን አየ። ከወዲያ በኩል በያጁ «ኧረ በሕግ አምላክ!» ሲል ተሰማ፤ ጭብጨባው ግን ዋጠው።

ሰፊዋ ማንንም ሳታይ በሰው መሃል እየሾለከች ወደ መኪናዋ ሄደች። ጣቷን ከማጠፊያው ሥር አስገባች። በሰያፍ የተኛው መጋጠሚያ እዚያው ነው፤ ከውጭ በኩል እርጥብ፣ ከውስጥ በኩል ደረቅ። ጣቷን እንዳሳረፈች ትንሽ ቆየች። እንባ ይመጣል ብላ ጠበቀች፤ አልመጣም።

ነዳፊው ከኋላዋ ደረሰ። ፊቱ በርቷል፣ ላብ በላብ ሆኗል። «እማ! አየሽ አይደል? አየሽ እንዴት እንደሄደች?»

«አየሁ።»

«ያንን ነገር…» ወደ ዳሱ ዞር ብሎ ድምፁን ዝቅ አደረገ። «ሥራ አስኪያጁ አጠገቤ ነበር። ፋብሪካ ብለን ነግረናቸው ሳለ እንዴት አድርጌ… ሌላ ቀን፣ ሰው ሲቀንስ…»

«የቤቴን ቁልፍ ስጠኝ።»

«እ?»

«የቤቴን ቁልፍ።»

ተማሪ ሳለ የሰጠችው ነው። አሁን የራሱ ቤት ቢኖረውም ከኪሱ አውጥቶት አያውቅም፤ ሲመጣ ሰተት ብሎ ነው የሚገባው።

«ያንቺው ጠፋብሽ?» አለ ኪሱን እየዳሰሰ።

«አልጠፋብኝም።»

ያኔ ገባው። ሳቅ አለ፣ ሳቁ ግን መሃል ላይ ቀረ። ቁልፉን ከቀለበቱ ሲያወጣ ጥፍሩ አልታዘዘው አለ፤ እሷ ግን አላገዘችውም። በመጨረሻ መዳፏ ላይ አኖረላት።

«ታዲያ እኔ ስመጣ በምን ልግባ?»

«አንኳኳ» አለችው።

ክፉ ቃል አልጨመረችም፤ ድምፅዋም ከፍ አላለም። ፎቶ አንሺው ከመኪናዋ ፊት ሆኖ ነዳፊውን በስሙ ጠራው። ወደ ፎቶ አንሺው አየ፣ ወደ እሷ አየ። «አንድ ጊዜ፣ እማ፣ እዚሁ ጠብቂኝ፤» ብሎ ሮጠ። አልጠበቀችውም። የጋራዡ ባለቤት በመኪናው ሊያደርሳት በሩን ከፍቶላት ነበር፤ ገባች። መንገዱን ሙሉ ሰውዬው ስለ ጭቃው፣ ስለ አቧራው፣ ስለ ነዳጁ ሲያወራ ዋለ። ልትወርድ ስትል፣ «እትዬ፣ ነገ ሁለት በር አመጣልዎታለሁ፤ ዝናብ እያስገቡ ነው፤» አላት። «አምጣው» አለች። በሮቹ መጡ፤ ሠራቻቸው፤ ውስጥ ገብታም ተቀመጠች። «ርጩት» ስትል ድምፅዋ ግን እንደ ድሮው አልወጣም።

ነዳፊው ብዙ ሳምንት ጠፋ። አንድ አመሻሽ ላይ፣ እግሯን ለብ ያለ ውኃ ውስጥ ነክራ ተቀምጣ ሳለ፣ ደረጃው ላይ ኮቴ ሰማች። የእሱ ነው፤ ከልጅነቱ ጀምሮ የግራ እግሩን ትንሽ ይጎትታል። ኮቴው በሩ ጋ ሲደርስ ቆመ፤ እንደ ልማዱ እጀታውን የሚይዝ መሰለ፤ ተወው። ከዚያ ሦስቴ አንኳኳ።

እግሯን ከውኃው አወጣች፣ በፎጣ አደረቀች፣ ነጠላ ጫማዋን አጠለቀች።

«ማን ነው?» አለች።